በሕመም አልጋ ላይ ላለ ሰው ብቻ

አያ ይማም እንድሪስ የተከሰሱት «ተዉ» በማለታቸው ነው።

ነገሩ የሆነው ደሴ፣ ሰኞ ገበያ ውስጥ ነው። ሁለት ጎረምሶች «መኪናዬን ቻርጅ ለማድረግ ቀድሜ የመጣሁት እኔ ነኝ» ተባብለው አንገት ለአንገት ተያያዙ። ሕዝቡ እንደ ደንቡ ክብ ሠርቶ፣ እጁን ኪሱ ከትቶ ቆመ። ድሮ እንዲህ ያለ ጠብ ሲነሣ ከተጣዪው ገላጋዩ ይበዛ ነበር ይላሉ። አሁን ግን መገላገል ደረጃ ሦስት ፈቃድ ይጠይቃል፤ ባለፈቃዱ እስኪመጣ ደግሞ የሚደማው ይደማል። አንዲት ሴትዮ «ፈቃድ ያለው ሰው አለ? ፈቃድ ያለው!» እያለች እንደ ታክሲ ረዳት ትጣራለች። አያ ይማም ከዘራቸውን አስቀድመው ክቡን ሰንጥቀው ገቡና በሁለቱ ልጆች መሀል ቆሙ። «ተዉ! ያንተን አባት አውቀዋለሁ፤ ያንተንም እናት አውቃታለሁ፤ ሁለታችሁም አታፍሩም?» አሏቸው። ልጆቹ አፈሩና ተዉ። ደንብ አስከባሪዎች ሲደርሱ የታረቁት ልጆች ምስክር ሆነው ተመዘገቡ፤ ያስታረቋቸው ሰውዬ ታስረው ሄዱ።

ክሱ ሁለት ነበር። አንደኛው ያለ ፈቃድ ማስታረቅ ነው። ሁለተኛውና ከባዱ ተጣዪዎችን እያወቁ ማስታረቅ ነው። የእርቅ አገልግሎት ፈቃድ ሰጪ ባለሥልጣን መመሪያ አስታራቂ ገለልተኛ ይሁን ይላል፤ ገለልተኛ ማለት ደግሞ የሁለቱንም ወገን ስም፣ ሰፈር፣ ወላጅና ጠባይ ጨርሶ የማያውቅ ማለት ነው። ደሴ ውስጥ እንዲህ ያለ ሰው ስለጠፋ ባለሥልጣኑ አንድ ባለፈቃድ ከሩቅ አስመጥቶ ሾመልን። ጨዋ ሰው ነው። ማንንም አያውቅም፣ ማንም አያውቀውም፤ ቀጠሮው ግን እስከሚመጣው ዓመት ድረስ ሞልቷል።

ለቀረው ሕዝብ ሣጥኑ አለለት። በየመንገዱ ማዕዘን የቆመ ጠባብ ክፍል ነው። የተጣሉት ሁለት ሰዎች አብረው ይገቡና ፊት ለፊት ቆመው በየተራ «ጥፋቴን አምኜ ይቅር ብያለሁ» ይላሉ። ሣጥኑ ያዳምጣል። ካልጣመው «በድምፅዎ ውስጥ ቂም ተገኝቷል፤ እባክዎ እንደገና ይሞክሩ» ይላል በለሰለሰ የሴት ድምፅ። ከጣመው በሩ ይከፈታል፤ እርቁም ለሁለት ዓመት ያገለግላል። ያላደሰ ሰው መዝገብ ላይ ተመልሶ ጠበኛ ይሆናል። በሰላም ሲኖሩ የቆዩ ባልና ሚስት እድሳት ረስተው ጠዋት ሲነሡ በሕግ የተጣሉ ሆነው የተገኙበት ጊዜ ብዙ ነው፤ እንዲህ ሲሆን ባልየው ወንበር ላይ ያድራል፣ ሚስትየው ቁርስ አቅርባ ፊቷን ወደ ግድግዳ ታዞራለች። ሰው ለምዶታል። ሰው የማይለምደው ነገር የለም።

እኔ ዘምዘም አራጋው እባላለሁ፤ ጠበቃ ነኝ። የደሴና አካባቢዋ ሽማግሌዎች ማኅበር «መመሪያው ይሻርልን» ብሎ ባለሥልጣኑን ሲከስ ጉዳዩን የያዝኩት እኔ ነኝ። የማኅበሩ ሊቀ መንበር አያ ይማም ናቸው። በሥራ ዘመኔ ዋሾ ደንበኛ አይቻለሁ፣ ነዝናዛ ደንበኛ አይቻለሁ፣ ችሎት ላይ የሚተኛ ደንበኛም አይቻለሁ። ጠበቃን በማንገላታት ግን ሽማግሌን የሚያህል የለም። ሽማግሌ መክሰስ አይችልበትም።

በመጀመሪያው ቀጠሮ ደንበኞቼ ነጭ ጋቢያቸውን ለብሰው ችሎት ገቡ። በከሳሽ በኩል ይቀመጣሉ ብዬ ስጠብቅ ቀጥ ብለው ወደ ተከሳሹ ወገን ሄዱ። እዚያ የተቀመጠው የባለሥልጣኑ ነገረ ፈጅ ኪሩቤል ነው፤ ጢሙን በደንብ ያላበቀለ፣ ክራቫቱ አንገቱን ያነቀው ልጅ።

«እንደምን አደርክ ልጄ? ደኅና ነህ? ቤተሰብ ደኅና?» አሉት አያ ይማም።

«ይመስገን» አለ ኪሩቤል ደንግጦ ብድግ ብሎ።

«የማን ልጅ ነህ?»

ልጁ ሳያስበው መለሰ። የወረኢሉው የጥላሁን የልጅ ልጅ ሆኖ ተገኘ። ከዚያ በኋላ ችሎቱ የእኔ አልነበረም። አንዱ ሽማግሌ አያቱ በቅሎ ሲገዙ አብሯቸው ነበር፤ ሌላው እናቱ ስትዳር ሽማግሌ ሆኖ ተልኳል። ተራ በተራ ትከሻውን ሳሙት። ኪሩቤል የዋዛ አልነበረም፤ ዳኛዋ ሲገቡ የመጀመሪያውን መቃወሚያ አቀረበ። «ክብርት ዳኛ፣ ከሳሾች መመሪያውን በዚህ ችሎት ፊት ጥሰዋል። እኔን አውቀውኛል» አለ። ዳኛዋ መዘገቡለት።

«አያ፣ ይኼ ልጅ ተቃዋሚያችን ነው» አልኳቸው ኮሪደር ላይ።

«አላጣሁትም ዘምዘሜ። ታዲያ ተቃዋሚ እህል አይበላም? ፊቱ ገርጥቷል እኮ።»

ዳኛዋ በዚያ ቀን ዕግድ ሰጡን። ዋናው ክርክር እስኪያልቅ በአያ ይማም ላይ የተመሠረተው የወንጀል ክስ ይቆማል። በምትኩ የማኅበሩ አባላት በየትም ቦታ፣ በማንም መካከል ገብተው እንዳያስታርቁ ታዘዘ፤ አንድ አባል እንኳ ከጣሰ መዝገቡ ይዘጋል። ሽማግሌዎቹ በአላህም በእግዚአብሔርም ምለው ቃል ገቡ። ያን ሰሞን ከተማው ውስጥ ጠብ ሲነሣ ጋቢ የለበሰ ሰው መንገድ አቋርጦ ሲሸሽ ማየት የተለመደ ሆነ። አንዷ አባላችን ጎረቤቶቿ ሲሰዳደቡ አላስችል ሲላት ነጠላዋን አፏ ውስጥ ጎስጉሳ ቤቷ ተቀመጠች።

እኔም ከሁሉም በላይ የፈራሁት ያንን ዕግድ ነበር። ምክንያቱ አባቴ ነው።

አባቴ አራጋው ሙህዬና ታናሽ ወንድሙ ሙላው የሚኖሩት ሆጤ፣ አንድ ሕንፃ ላይ፣ በር ለበር ነው። ሙላው ጣሪያው ላይ የውኃ ታንከር ሲያስቀምጥ ታንከሩ የአባቴን የፀሐይ ሰሌዳ ከቀትር በኋላ ይጋርደው ጀመር። በአንድ እናት ጡት የጠቡ ሁለት ሰዎች በታንከር ጥላ ተጣሉ። አንዴ ሣጥኑ አስታርቋቸው ነበር፤ ሁለት ዓመቱ ሲያልቅ ግን እያንዳንዱ «እሱ ቀድሞ ይምጣ» ብሎ ሳያድሱ ቀሩ። ከዚያ ወዲህ አንዱ በሩን ሲከፍት ሌላው ይዘጋል። አባቴ ልቡን ታሞ ሆስፒታል ሲገባ ደግሞ የማላውቀው አንቀጽ ተጠቀሰልኝ። የተመዘገበ ጠብ ያለበት ሰው ለታማሚው ደኅንነት ሲባል ሊጠይቀው አይፈቀድለትም። ሣጥኑ ሁለቱም በእግራቸው ካልገቡ አይሠራም፤ አባቴ ከአልጋው መውረድ አይችልም። ባለፈቃዱ የሚያስታርቀው በሚመጣው ዓመት ነው። ሐኪሙ ደግሞ ስለሚመጣው ሳምንት እንኳ ማውራት አልፈለገም።

አጎቴ በየቀኑ የሆስፒታሉ በር ላይ ይቆማል። ጥበቃዎቹ ስሙን ሲያስገቡ መብራቱ ይቀላል፤ ስለዚህ ከአጥሩ ውጭ ቆሞ እኔን ይጠብቃል።

«እንዴት አደረ?» ይለኛል።

«ደኅና ነው።»

«ስለኔ አነሣ?»

«አላነሣም።» ይኼ ውሸት ነው። አባቴ ዓይኑን በገለጠ ቁጥር «ያ ሰውዬ ታንከሩን አነሣው?» ይላል፤ እንዲህ ሲል ግን ወንድሜ መጥቷል ወይ ማለቱ እንደሆነ አውቃለሁ። አባቴ ወንድሙን ሳያናግር ይሞታል ብዬ ፈራሁ። ሌላ ምንም አልፈራሁም። ለአያ ይማም አንዲት ቃል ብተነፍስ ዕግድ ምናምን ሳይሉ በመስኮትም ቢሆን እንደሚገቡ፣ መዝገቡም እንደሚዘጋ ስለማውቅ ዝም አልኩ። ክሱን ማሸነፍ ነበረብኝ፤ ከዚያ በሕጋዊ መንገድ እጃቸውን ይዤ አባቴ ዘንድ አስገባቸዋለሁ። ዕቅዴ ይኼ ነበር።

ክርክሩ ለኛ ጥሩ ሄደ። ኪሩቤል «ሕዝቡን ደረጃውን ካልጠበቀ እርቅ መከላከል የመንግሥት ግዴታ ነው» አለ። ባልተመሰከረለት ዘዴ የታረቀ ሰው ቂሙ ተጠርጎ መውጣቱ አይረጋገጥም፤ ውስጥ የቀረው ደግሞ ለኅብረተሰቡ ጠንቅ ነው። ከዚያ አያ ይማምን ለምስክርነት ጠራ።

«ዘዴዎ ምንድን ነው?»

«አልቀመጥም» አሉ።

«ይቅርታ? ወንበሩ አልተመቸዎትም?»

«ዘዴዬን ነው የምነግርህ። የተጣላው ሰው ቤት እሄዳለሁ። ተቀመጥ ይለኛል፤ አልቀመጥም። እህል ውኃ ያቀርብልኛል፤ አልቀምስም። ጠብህን ስጠኝ እለዋለሁ። ሽማግሌ ቤቱ መሀል ቆሞ እግሩ ሲያብጥ የሚያስችለው ሰው የለም። ይሰጠኛል።»

«ከዚያስ?»

«ከዚያማ ከሁለቱም ቆረስ አደርጋለሁ። አንዱ ሙሉ ረትቶ ከሄደ እሱ እርቅ አይደለም ልጄ። ጠቡ አደረ እንጂ አላለቀም።»

ኪሩቤል ሳቅ አፈነው። ዳኛዋም ጎንበስ ብለው የሆነ ነገር ጻፉ። ያን ጊዜ ልብ ማለት ነበረብኝ፤ ሰውየው የሚያደርጉትን አስቀድመው ለችሎቱ በመሐላ ነግረውት ነበር።

የፍርዱ ቀን አዳራሹ ሞላ። ዳኛዋ ማንበብ ጀመሩ። መመሪያው አስታራቂነትን ከማኅበረሰቡ ነጥቆ ለማያውቀው ሰው መስጠቱ ከዓላማው ጋር የሚጋጭ ነው። የፈቃድ ቁጥሩ የተገደበበት ምክንያት አልተብራራም። ዜጋ የመረጠውን ሙያ የመሥራት መብቱ ተጥሷል። እያንዳንዱ ዓረፍተ ነገር የኛ ነበር። በጠረጴዛው ሥር ጣቶቼን አቆላለፍኩ፤ ከቀትር በኋላ ሆስፒታል እገባለሁ ብዬ አሰብኩ። ኪሩቤል ወረቀት መስሎ ነበር። በክሱ ከተረታ እንጀራው እንደሚቋረጥ ከችሎት በፊት ለአያ ይማም ነግሯቸዋል፤ በርግጥ እሳቸው ናቸው የጠየቁት። ዳኛዋ ወደ መጨረሻው ገጽ ገለበጡ። «ስለሆነም ይህ ፍርድ ቤት…»

አያ ይማም ተነሡ።

«ይቀመጡ» አሉ ዳኛዋ።

«አልቀመጥም።»

አዳራሹ ውስጥ የነበሩት ሽማግሌዎች በሙሉ ተነሡ። ከኋላ የተቀመጠው ሕዝብ ለምን እንደሆነ ሳያውቅ፣ ሽማግሌ ቆሞ መቀመጥ ነውር ስለሆነ ብቻ፣ እሱም ተነሣ። የችሎቱ ፖሊስ ማንን እንደሚያስቀምጥ ግራ ገብቶት ራሱም ቆሞ እንደነበር አስታውሶ ተወው።

«የኔ ልጅ… ክብርት ማለቴ ነው» አሉ አያ ይማም። «ፍርዱን አይጨርሱት። ከጨረሱት እኛ ረቺ፣ ይኼ ልጅ ተረቺ ሊሆን ነው። ጠቡን ለኔ ይስጡኝ።»

«አያ፣ አሸንፈናል እኮ!» አልኩ፤ ሹክ ያልኩ መስሎኝ ጮኼ ነበር።

«እሱ አይደል የሚያስፈራኝ።»

ሕጉ ግልጽ ነው። ፍርዱ ተነቦ ሳያበቃ ባለጉዳዮች መስማማት ይችላሉ። ዳኛዋ መነጽራቸውን አውልቀው «ተከሳሹስ?» ብለው ጠየቁ። ኪሩቤል ለአለቆቹ ደውሎ ሲመለስ ፊቱ ላይ ደም ተመልሶ ነበር። ባለሥልጣኑ በደስታ ይስማማል።

ስምምነቱን የጻፍነው እዚያው ኮሪደር ላይ ነው። መመሪያው እንዳለ ይቆያል። በአያ ይማም ላይ የተመሠረተው የወንጀል ክስ ይነሣል። የማኅበሩ አባላት በገበያ፣ በመንገድ፣ በቤት፣ በቤተ ክርስቲያንም በመስጊድም ያለ ፈቃድ አያስታርቁም። «በምትኩ ምን ትፈልጋላችሁ?» አለ ኪሩቤል። አያ ይማም ቀላል ነገር ጠየቁ። በሕመም አልጋ ላይ ላለ ሰው ብቻ፣ ያለ ፈቃድ፣ ቢያውቁትም ባያውቁትም፣ እንዲያስታርቁ።

«የሐኪም ማስረጃ ይጨመርበት?» አለ ኪሩቤል ብዕሩን አንሥቶ።

«ልጄ፣ የታመመን ሰው ማስረጃ አምጣ ማለት ነውር አይደለም?»

ኪሩቤል ትንሽ አያቸው፤ ብዕሩን መለሰ። እኔም ጨርሼ ሳላነበው፣ በንዴት ፈረምኩ። ለራስ ሲቆርሱ አያሳንሱ ይባላል፤ የኔ ደንበኞች ግን ሙሉውን እንጀራ ሰጥተው ፍርፋሪ ይዘው ሊሄዱ ነው። ደረጃው ላይ ስንደርስ የማይባል ነገር ተናገርኩ። «እርስዎ ሽማግሌ ሳይሆኑ ፈሪ ነዎት» አልኳቸው።

አልተቆጡም። «ቢፈረድልን ይግባኝ ይሉ አልነበር?» አሉኝ።

«ይላሉ።»

«ፍርዱ እስከዚያ ይታገዳል?»

«ይታገዳል።»

«ይግባኙ ስንት ጊዜ ይፈጃል?»

«ሁለት ዓመት። ከፋ ቢል ሦስት።»

«አባትሽስ ስንት ጊዜ አለው?»

እንዴት እንዳወቁ ለመጠየቅ አፌን ስከፍት ከዘራቸውን ወደ ታች ዘረጉ። ሙላው ደረጃው ሥር ቆሟል። ደንበኛዬ ዕግዱን አክብረው በዚህ ሁሉ ጊዜ ለአጎቴ አንድም የምክር ቃል አልተናገሩም፤ እኔ ካለፍኩ በኋላ ሆስፒታሉ በር ላይ አጠገቡ ቆመው ይውሉ ነበር እንጂ። መቆምን ደግሞ የሚከለክል መመሪያ የለም። እዚያው ደረጃው ላይ አለቀስኩ፤ የችሎት ካባዬን እንደለበስኩ።

ሆስፒታል ስንደርስ ጥበቃው የሙላውን ስም አስገባ፤ መብራቱ ቀላ። የስምምነቱን ግልባጭ አሳየሁት። ሦስት ጊዜ አንብቦ፣ አለቃውን ጠርቶ፣ አለቃውም አንብቦ አስገቡን።

አባቴ ዓይኑን ሲገልጥ አያ ይማም ከአልጋው ግርጌ ቆመዋል፤ ወንድሙ ከኋላቸው ተደብቋል።

«ይማም፣ ቁጭ በል» አለ አባቴ በደከመ ድምፅ።

«አልቀመጥም አራጋው።»

«ያ ሰውዬ ፀሐዬን ወስዶብኛል።»

«ፀሐይቱ የአላህ ናት። ያንተ ጠቡ ነው። ጠቡን ስጠኝ።»

አባቴ ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ። አያ ይማም ቆሙ። ነርሷ ወንበር አመጣች፤ አልተቀመጡም። ውኃ አመጣች፤ አልጠጡም። ጉልበታቸው መንቀጥቀጥ ሲጀምር አየሁ፤ አባቴም አየ።

«ውሰደው እንግዲህ!» አለ በመጨረሻ። «ውሰደው፣ ተቀመጥ ብቻ!»

ሙላው መጥቶ የወንድሙን ጉልበት በብርድ ልብሱ ላይ ሳመ። አያ ይማም ቆረስ አደረጉ፤ ታንከሩ ክንድ ያህል ፈቀቅ ይላል፣ አባቴም ሰሌዳውን ትንሽ ያዘነብላል። ከዚያ መዳፋቸውን ወደ ላይ ዘርግተው መረቁ፤ እኛም ነርሷም አሜን አልን። አባቴ ወንድሙን ከላይ እስከ ታች አየው። ከዚያ ሁሉ ዓመት በኋላ ያላት የመጀመሪያ ቃል «አመድ መስለሃል፤ ምሳ በላህ?» የምትል ነበረች።

እዚህ ላይ ቢያልቅ ለአያ ይማም መታሰቢያ አቆምላቸው ነበር። ግን አባቴ ዳነ።

ሐኪሙ ራሱ አላመነም። አባቴ በእግሩ ወጥቶ ቤቱ ገባ፤ ከወንድሙ ጋር ማዕድ እየቆረሰ ከረመ። ከዚያ ወቅቱ ተለወጠ። ፀሐይ በስምምነቱ አልፈረመችም፤ መንገዷን ትንሽ ስታዞር የታንከሩ ጥላ ተመልሶ ሰሌዳው ላይ ተኛ። «አራጋው ሰሌዳውን እንደቃሉ አላዘነበለም»፣ «ሙላው ታንከሩን ክንድ ሳይሆን ስንዝር ነው ያነሣው»፤ በር ተከፈተ፣ በር ተዘጋ። አሁን ሁለቱም ጤነኞች ናቸው። ጤነኛን ማስታረቅ ደግሞ ወንጀል ነው፤ ውሉ ላይ ፊርማዬ አለ። ማኅበሩን ያህል ነገር ለዚህ ነው የሸጥነው ብዬ ተቃጠልኩ።

አንድ ቀን ከቀትር በኋላ አባቴ ቤት ስሄድ አልጋው ውስጥ አገኘሁት። ብርድ ልብሱን እስከ አገጩ ስቦ ኮርኒሱን ያያል።

«ምነው አባዬ? ልብህ ነው?» አልኩ ደንግጬ።

«ታምሜያለሁ።»

«ምንህን?»

«ታምሜያለሁ አልኩሽ እኮ። ለይማም ደውይለት።»

ግንባሩን ነካሁ፤ ቀዝቃዛ ነው። ትራሱ አጠገብ ግማሹ የተበላ ሳምቡሳ ተቀምጧል።

«አባዬ፣ ይኼ ማጭበርበር ነው።»

«ውሉን የፈረምሽው አንቺ አይደለሽ? የሐኪም ማስረጃ ይላል?»

አይልም። ቢሮዬ ሄጄ በእርጋታ አነበብኩት፤ አይልም። በዚያ ሳምንት የከተማው ጤና ቢሮ እንግዳ ነገር ዘገበ። ደሴ ውስጥ በሽተኛ በዝቷል፤ ሆስፒታሎች ግን ባዶ ናቸው። ሰው ከሥራ ይመጣል፣ ራቱን ይበላል፣ ከባላንጣው ጋር መታረቅ ሲያምረው አልጋው ላይ ይወጣና «ታምሜያለሁ» ብሎ ሽማግሌ ያስጠራል። ነጋዴዎች ሱቃቸው ውስጥ ፍራሽ ማንጠፍ ጀመሩ። ሰኞ ገበያ ሁለት ሰዎች ሲያያዙ አንድ ጎበዝ መሀል መንገድ ላይ ካርቶን ዘርግቶ አንደኛውን አስተኝቶት ነበር አሉ። ሣጥኖቹ ሰው አጥተው በሴት ድምፃቸው ለራሳቸው ይናገራሉ።

ባለሥልጣኑ እንዲህ ሲቀልዱበት ዝም የሚል አይደለም። የሕመም ተቆጣጣሪ ሾመ። ተቆጣጣሪው ቤት ለቤት ዞሮ ታማሚው በእውነት መታመሙን ያጣራል፤ ምስክርነቱንም የሚቀበለው ከተጣላው ወገን ነው፤ ጠላት ለጠላቱ አይዋሽለትም ተብሎ። ሐሰተኛ በሽተኛ እስር ይጠብቀዋል። አባቴ ቤት የመጣው ተቆጣጣሪ ኪሩቤል ነበር። ውሉን የጻፈው ሰው ራሱ ይቆጣጠረው ብለው መድበውታል፤ እድገት ይሁን ቅጣት እሱም አልገባውም። እንደተለመደው ገርጥቷል።

አያ ይማም ከአልጋው ግርጌ ቆመዋል። አባቴ ዓይኑን ጨፍኖ ያቃስታል። ልቡ እውነተኛውን ሕመም አንዴ ቀምሷል፤ እስር ቤት ከገባ አይወጣም። እኔ ጠበቃ ነኝ፣ ልጁም ነኝ፤ ሁለቱንም ሆኜ ከራስጌው ቆምኩ። ኪሩቤል የእጅ መመዝገቢያ ማሽኑን ይዞ ኮሪደሩን ተሻገረና የአጎቴን በር አንኳኳ።

ሙላው ከፈተ። ፊቱ እንደ ጨው ክምር የደረቀ ነው። በተከፈተው በር በኩል ወንድሙ ይታየዋል።

«አቶ ሙላው ሙህዬ፣ ከአቶ አራጋው ጋር የተመዘገበ ጠብ አለብዎት?»

«አለብኝ።»

«ሰውየው ታሟል ይላሉ። እርስዎ በር ለበር ነዎት፤ የሚያዩትን ይመስክሩ። ታሟል?»

አጎቴ ጠዋት አባቴ ታንከሩን በከዘራ ሲደበድብ አይቶታል፤ ሕንፃው በሙሉ ሰምቷል። አንዲት ቃል ቢናገር ፀሐዩም ጣሪያውም የሱ ነው። አባቴ ማቃሰቱን አቆመ።

«ታሟል» አለ ሙላው።

«በጠና?»

«በጠና ነው እንጂ።»

ኪሩቤል ማሽኑ ላይ ጻፈ። «ምኑን ነው የሚያመው?»

አጎቴ ወደ አልጋው አየ። «ወንድሙን» አለ።

ኪሩቤል ቀና አላለም። እሱንም እንዳለ ጻፈው። ማሽኑ ቀጣዩን ጥያቄ አመጣ፤ ጮክ ብሎ አነበበው። «ሕመሙ ተላላፊ ነው?» መጀመሪያ አልጋው ላይ ያለውን ሰው፣ ቀጥሎ በሩ ላይ የቆመውን ሰው አየ፤ እንባው የአጎቴን ጢም አርሶታል።

«ተላላፊ ነው» ብሎ ራሱ መለሰ፤ ማሽኑን አጥፍቶ ኪሱ ከተተ። ከዚያ ጫማውን በር ላይ አውልቆ፣ ሙላውን በክንዱ ይዞ ገባና ከአያ ይማም ጎን ቆመ።

«ምን ቆምክ ልጄ? ወንበር አለ፣ ተቀመጥ» አለው አባቴ።

«አልቀመጥም» አለ ኪሩቤል።